የአድራሻ ዝርዝርን አድሶ የመጠበቅ ችግር፤ ከአርፓኔት እስከ ኢሙል

መግቢያ

ማንኛውም መዝገብ በተጻፈበት ቀን ትክክል ነው፤ በማግሥቱ ግን መሳሳት ይጀምራል። የቤተ መጻሕፍት ካታሎግ፣ የስልክ ቁጥሮች ማውጫ፣ የዕድር አባላት ስም ዝርዝር፣ የትምህርት ቤቶች መዝገብ ሁሉ ዕጣቸው ይኸው ነው። ሰው ይዛወራል፤ መጽሐፍ ይጠፋል፤ ስልክ ይቀየራል፤ አዲስ ትምህርት ቤት ይከፈታል። ስለዚህ መዝገብን ማዘጋጀት የአንድ ጊዜ ሥራ ሲሆን፣ መዝገብን ማደስ ግን ማብቂያ የሌለው ሥራ ነው። ይሁን እንጂ ለዝግጅቱ ገንዘብና ሰው ተመድቦለት ለእድሳቱ ማንም ሳይታሰብለት የሚቀር መዝገብ ጥቂት አይደለም።

በኮምፒውተር መረቦች ታሪክ ውስጥ ይህ ችግር ከመጀመሪያዎቹ ዓመታት አንሥቶ ጎልቶ ይታያል። አንድ ኮምፒውተር ከሌላው ጋር ለመነጋገር አስቀድሞ የሌላውን አድራሻ ማወቅ አለበት። አድራሻውን ለማወቅ ደግሞ የሚጠይቀው ሌላ ኮምፒውተር ያስፈልገዋል። ታዲያ የዚያን የተጠያቂውን አድራሻ ከየት ያገኛል? ለአዲስ ገቢ የመጀመሪያውን አድራሻ የሚሰጠው ዝርዝር ያረጀ ከሆነ፣ መረቡ ያለ አንዳች እክል እየሠራ ሳለ እንኳ አዲሱ ሰው ከበሩ ውጪ ይቀራል። ዝርዝሩ በአታላይ እጅ ከገባ ደግሞ እንግዳው የሚገባው ወዳልፈለገው ቤት ነው።

ችግሩ በተለይ ከ1999 እስከ 2009 በነበሩት ዓመታት በአቻ ለአቻ የፋይል መለዋወጫ ፕሮግራሞች ዘንድ የዕለት ተዕለት ጣጣ ሆኖ ነበር። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) በእነዚህ መረቦች ከተለዋወጡት ሙዚቃዎችና ፊልሞች ብዙዎቹ የባለቤቶቻቸው ፈቃድ ያልነበራቸው በመሆኑ ጉዳዩ ወደ ፍርድ ቤት አምርቷል። የመዝገብ አጠባበቁ ታሪክ ግን ከዚህ ክርክር ተለይቶ ሊጠና ይገባዋል። ምክንያቱም ሚሊዮን ሰዎች በአንድ ዝርዝር ላይ ተመርኩዘው ሲሠሩ ዝርዝሩ እንዴት እንደሚያረጅ፣ እንዴት እንደሚበከልና እንዴት እንደሚታደስ በግልጽ የሚያሳይ ነው።

ሀ. የአንድ ቢሮ መዝገብ

አርፓኔት የተባለው የአሜሪካ የምርምር መረብ የመጀመሪያውን መልእክት ያስተላለፈው ኦክቶበር 29 ቀን 1969፣ በሎስ አንጀለስ ካለው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ወደ ስታንፎርድ የምርምር ተቋም ነበር። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት እያንዳንዱ ተቋም የሌሎቹን ኮምፒውተሮች ስምና ቁጥር በራሱ ዝርዝር ይይዝ ነበር። ውጤቱም የሚጠበቀው ሆነ፤ አንዱ ኮምፒውተር በአንድ ቦታ በአንድ ስም፣ በሌላ ቦታ በሌላ ስም ይጠራ ጀመር። በ1971 ፔጊ ካርፕ ስሞቹ አንድ ወጥ እንዲሆኑ የሚጠይቅ ማስታወሻ አቀረቡ። በጃንዋሪ 1974 ደግሞ አንድ ይፋዊ ዝርዝር በስታንፎርድ የምርምር ተቋም የመረብ መረጃ ማዕከል ኮምፒውተር ላይ እንዲቀመጥና ሁሉም ከዚያ እየገለበጡ እንዲጠቀሙ የሚል ሐሳብ በሌላ ማስታወሻ ተሰራጨ።

ይህን ማዕከል ከ1972 እስከ 1989 የመሩት ኤሊዛቤት ፌንለር ነበሩ። አሠራሩ ቀላል ነበር። አዲስ ኮምፒውተር ወደ መረቡ የሚያስገባ ተቋም ለማዕከሉ በስልክ ወይም በኤሌክትሮኒክ መልእክት ያስታውቃል፤ ማዕከሉም ስሙ በሌላ አለመያዙን አረጋግጦ በዝርዝሩ ያስገባል፤ ተቋማቱም በየጊዜው መላውን ዝርዝር ይገለብጣሉ። የመዝገቡ ትክክለኛነት በጥቂት ሰዎች ትጋት ላይ የቆመ ሲሆን፣ መረቡ ትንሽ እስከሆነ ድረስ ትጋቱ በቂ ነበር።

ነገር ግን መረቡ ትንሽ ሆኖ አልቀረም። በኦገስት 1981 በዝርዝሩ የነበሩት ኮምፒውተሮች 213 ነበሩ። በኦገስት 1983 ቁጥራቸው 562 ደረሰ። በኦክቶበር 1984 ከአንድ ሺህ አለፈ፤ በኖቬምበር 1986 ደግሞ ከ5 ሺህ በላይ ሆነ። እዚህ ላይ ሊጤን የሚገባው የሥራው ጭነት ከአባላቱ ቁጥር በበለጠ ፍጥነት ማደጉ ነው። አባላት በእጥፍ ሲጨምሩ ዝርዝሩ በእጥፍ ይረዝማል፤ ዝርዝሩን የሚገለብጡትም በእጥፍ ይበዛሉ፤ ስለዚህ የሚተላለፈው ጽሑፍ አራት እጥፍ ይሆናል። ከዚህም በላይ አዲሱ ዝርዝር ከተቋም ወደ ተቋም ተዳርሶ ሳያበቃ ሌላ ለውጥ ይደርሳል። በመሆኑም መዝገቡ ሁልጊዜ ከእውነታው ኋላ ይጓዝ ነበር።

ለ. ኃላፊነትን ማከፋፈል

ለዚህ መፍትሔ ያቀረቡት በደቡብ ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የመረጃ ሳይንስ ተቋም ባልደረባ የነበሩት ፖል ሞካፔትሪስ ናቸው። በኖቬምበር 1983 በወጡ ሁለት ሰነዶች ዲኤንኤስ በሚል ምህጻር የሚታወቀውን የስም ሥርዓት አስተዋወቁ። በ1987 ሥርዓቱ ተሻሽሎ የወጣ ሲሆን፣ መሠረቱ ሳይለወጥ ኢንተርኔት እስከ ዛሬ ይሠራበታል።

ሥርዓቱ በሁለት ሐሳቦች ላይ የቆመ ነው። የመጀመሪያው ኃላፊነትን ማከፋፈል ነው። ላይኛው መዝገብ የሁሉን ኮምፒውተር አድራሻ አይይዝም፤ የሚይዘው የእያንዳንዱ ክፍል መዝገብ ጠባቂ ማን እንደሆነ ብቻ ነው። ለምሳሌ በኢትዮጵያ ስም የተመዘገበውን «ነጥብ ኢቲ» የተባለ የኢንተርኔት ስም ክፍል የሚያስተዳድረው ኢትዮ ቴሌኮም ነው። በዚያ ክፍል ሥር ለውጥ ሲደርስ አሜሪካ ያለ ቢሮ ማስታወቅ አያስፈልግም፤ መዝገቡን ለውጡን በቅርብ የሚያውቀው አካል ያድሰዋል። ሁለተኛው ሐሳብ እያንዳንዱ መልስ ዕድሜ ያለው መሆኑ ነው። አድራሻ የሚሰጠው ሰርቨር ከአድራሻው ጋር «ይህ መልስ ለዚህን ያህል ሰኮንድ ይያዝ» የሚል ቁጥር አብሮ ይልካል። ጊዜው ሲያልፍ ጠያቂው የያዘውን ጥሎ እንደገና ይጠይቃል። እንዲህ በመደረጉ የመዝገብ ማርጀት እንደ አደጋ መታየቱ ቀርቶ አስቀድሞ የታሰበበትና የተለካ ነገር ሆነ።

ሆኖም ይህ ሥርዓት እንኳ የመጀመሪያውን ጥያቄ ሙሉ በሙሉ አላስወገደውም። ማንኛውም ጠያቂ ሰርቨር ሥራውን ሲጀምር የላይኞቹን 13 መዝገብ ጠባቂዎች ስምና አድራሻ የያዘ አንድ ትንሽ ፋይል ያስፈልገዋል። እነዚህ አድራሻዎች እምብዛም አይለወጡም፤ ይሁን እንጂ ይለወጣሉ። ከ13ቱ አንዱ በ2004፣ በ2017 እና በ2023 አድራሻውን ቀይሯል። ፋይሉ ያረጀበት ሰርቨር ግን ወዲያው አይወድቅም። በፋይሉ ካሉት አድራሻዎች አንዱ ብቻ ትክክል ቢሆን፣ ከእርሱ አዲሱን ዝርዝር ጠይቆ ሥራውን ይቀጥላል። አንድ እርግጠኛ ወዳጅ ያለው የሌሎቹን አዲስ አድራሻ ከእርሱ ይማራል ማለት ነው።

ሐ. ናፕስተር፤ የአንድ መዝገብ ጉልበትና ድካም

በጁን 1999 ሾን ፋኒንግ የተባሉ አሜሪካዊ ወጣት ናፕስተር የተባለውን ፕሮግራም ይፋ አደረጉ። ሙዚቃው በተጠቃሚዎቹ ኮምፒውተሮች ላይ ሲቀመጥ፣ ማን ምን እንዳለው የሚናገረው መዝገብ ግን በኩባንያው ሰርቨሮች ላይ ነበር። ተጠቃሚው ፕሮግራሙን ሲከፍት የያዛቸው ፋይሎች ስም ወደ መዝገቡ ይገባል፤ ሲዘጋው ይወጣል። በመሆኑም መዝገቡ በየደቂቃው ይታደስ ነበር። በአጠባበቅ ረገድ ሲታይ ይህ እጅግ የተሳካ አሠራር ነው፤ በፌብሩዋሪ 2001 የተጠቃሚዎቹ ቁጥር ከ26 ሚሊዮን በላይ ደርሶ ነበር።

ድካሙ ያለው ግን ከጉልበቱ ጋር በአንድ ቦታ ነው። የሙዚቃ አሳታሚዎች በዲሴምበር 1999 ክስ መሠረቱ። በፌብሩዋሪ 2001 የይግባኝ ፍርድ ቤቱ ኩባንያው መዝገቡን የመቆጣጠር ችሎታ ስላለው ከኃላፊነት ነጻ ሊሆን አይችልም የሚል መንፈስ ያለው ውሳኔ ሰጠ፤ በጁላይ 2001ም አገልግሎቱ ቆመ። መዝገቡ ሲዘጋ በሚሊዮን የሚቆጠሩት ፋይሎች ከተጠቃሚዎቹ ኮምፒውተሮች አልጠፉም፤ የጠፋው እነርሱን የማግኛው መንገድ ነው።

ከዚያ ቀደም ብሎ የናፕስተርን የመነጋገሪያ ሥርዓት መርምረው የራሳቸውን ሰርቨር ያቋቋሙ ሰዎች ነበሩ። እነዚህ ኦፕንናፕ በሚል ስም የሚታወቁት ሰርቨሮች ቁጥራቸው ሲበዛ አዲስ ጥያቄ ተነሣ፤ ከእነርሱ የትኞቹ ዛሬ ክፍት ናቸው? ናፒጌተር የተባለው ፕሮግራም የተሠራው ለዚህ ነበር። ሥራው የሰርቨሮቹን ዝርዝር አሳይቶ ተጠቃሚውን ወደ መረጠው መምራት ነው። ቀድሞ አንድ መዝገብ በነበረበት ቦታ አሁን ብዙ መዝገቦችና እነርሱን የሚዘረዝር ሌላ መዝገብ መጣ። ችግሩ አልተፈታም፤ አንድ ደረጃ ወደ ላይ ወጣ እንጂ።

መ. ኑቴላ፤ መዝገብ የለሽ መረብ

ማርች 14 ቀን 2000 ጀስቲን ፍራንክልና ቶም ፔፐር ኑቴላ የተባለውን ፕሮግራም ለሕዝብ አወጡ። ሁለቱ ሰዎች ይሠሩበት የነበረው ድርጅት ባለቤት፣ ኤኦኤል፣ ሥርጭቱን በማግሥቱ አስቆመው። ነገር ግን ፕሮግራሙ አስቀድሞ በብዙ ሰዎች እጅ ገብቶ ስለነበር ሌሎች አጥንተው አስፋፉት። በኑቴላ ማዕከላዊ መዝገብ የሚባል ነገር አልነበረም። ጠያቂው ጥያቄውን ለሚያውቃቸው ጥቂት ጎረቤቶች ያቀርባል፤ እነርሱም ለጎረቤቶቻቸው ያስተላልፋሉ፤ ያለው ይመልሳል።

እዚህ ላይ የመግቢያው ጥያቄ በእርቃኑ ተገለጠ። መዝገብ የሌለው መረብ ውስጥ ለመግባት ቢያንስ አንድ ጎረቤት ማወቅ ግድ ነው። በመጀመሪያዎቹ ወራት ሰዎች የሚሠሩ አድራሻዎችን በኢንተርኔት የውይይት ክፍሎች እየተጠያየቁ በእጃቸው ይጽፉ ነበር። ቀጥሎም በርካታ አድራሻዎችን ይዘው ለአዲስ ገቢዎች የሚያድሉ የታወቁ ኮምፒውተሮች ተቋቋሙ። ይህም ማለት ማዕከል የለውም የተባለው መረብ በበሩ ላይ ማዕከል አበጀ ማለት ነው።

ከ2002 ጀምሮ ይህን ሸክም ለማከፋፈል ሌላ ዘዴ ተፈጠረ። በብዙ የድረ ገጽ ሰርቨሮች ላይ ትንንሽ ፕሮግራሞች ተቀምጠው፣ ከመረቡ አባላት አድራሻ እየተቀበሉ ለአዲስ ገቢ ይሰጡ ጀመር። እያንዳንዱም ፕሮግራም የሌሎቹን መሰሎቹን አድራሻ ጨምሮ ይይዝ ነበር። ዘዴው የበጎ ፈቃደኞችን ሥራ የሚጠይቅ በመሆኑ የተተዉና የተጨናነቁ በዝተው፣ በኋላ በሌሎች ዘዴዎች መተካት አስፈልጓል። ከዚህ የሚገኘው ትምህርት ግልጽ ነው፤ መዝገብ ጠባቂዎችን ማብዛት ብቻውን ጠባቂዎቹ እንዲተጉ አያደርግም።

ሠ. ኢዶንኪና ኢሙል፤ የዝርዝሩ ዘመን

በሴፕቴምበር 2000 ጄድ ማኬሌብ ኢዶንኪ 2000 የተባለውን ፕሮግራም አወጡ። ይህ መረብ በናፕስተርና በኑቴላ መካከል ያለ መንገድ ተከተለ። ሰርቨሮች አሉት፤ ነገር ግን የአንድ ኩባንያ አይደሉም። ፈቃደኛ የሆነ ሁሉ በራሱ ወጪ ሰርቨር ማቆም ይችል ነበር። ሰርቨሩ ፋይሎቹን አይዝም፤ ማን ምን እንዳለው ብቻ ይመዘግባል። ትልቅ ፋይል 9,728,000 ባይት በሆኑ ክፍሎች ይከፈላል፤ አንድን ክፍል ተቀብሎ የጨረሰ ሰው የቀሩትን እየጠበቀ ሳለ ያንኑ ክፍል ለሌሎች ያካፍላል። በሜይ 2002 ደግሞ በነባሩ ፕሮግራም ያልረኩ ጀርመናዊ፣ ሄንድሪክ ብራይትክሮይትዝ፣ ኢሙል የተባለውን ፕሮግራም መሥራት ጀመሩ። የኢሙል የፕሮግራም ጽሑፍ ለሁሉም ክፍት ስለነበር ብዙዎች ተባብረውበት በጥቂት ዓመታት ውስጥ የመረቡ ዋነኛ መሣሪያ ሆነ።

ተጠቃሚው መረቡን የሚያገኘው «ሰርቨር ነጥብ ሜት» በሚባል አንድ ትንሽ ፋይል አማካይነት ነበር። በፋይሉ መግቢያ የሰርቨሮቹ ብዛት ተጽፏል። ከዚያ በኋላ ለእያንዳንዱ ሰርቨር የአይ ፒ አድራሻው፣ የፖርት ቁጥሩ፣ ስሙ፣ መግለጫው፣ በእርሱ ላይ ያሉት ተጠቃሚዎች ብዛትና ተጠቃሚው የሰጠው የቅድሚያ ደረጃ ይከተላል። ይህ ፋይል ሲያረጅ ፕሮግራሙ ከአንዱ ዝግ በር ወደ ሌላው ዝግ በር ሲመላለስ ይውላል።

ዝርዝሩን ለማደስ ኢሙል አራት መንገዶች ነበሩት። አንደኛው ፕሮግራሙ በተከፈተ ቁጥር ተጠቃሚው ከመረጠው የድረ ገጽ አድራሻ አዲስ ዝርዝር ማምጣት ነው። ሁለተኛው ከአንድ ሰርቨር ጋር ሲገናኙ ሰርቨሩ የሚያውቃቸውን ሌሎች ሰርቨሮች መቀበል ነው። ሦስተኛው ከሌሎች ተጠቃሚዎች መቀበል ሲሆን፣ አራተኛው ተጠቃሚው በእጁ ጽፎ «ቋሚ» ብሎ የሚያኖራቸው ናቸው። የማስወገጃውም ሥርዓት የተለየ ነበር። ፕሮግራሙ በዝርዝሩ ያሉትን ሰርቨሮች በየጊዜው አጭር ጥያቄ እየላከ ይፈትናል፤ በተከታታይ ለተወሰነ ጊዜ ያህል መልስ ያልሰጠው እንደ ሞተ ተቆጥሮ ይሰረዛል። የፈተናው ቁጥር ተጠቃሚው የሚወስነው ነበር። ቁጥሩ በጣም ዝቅ ካለ ለአንድ ሌሊት የተቋረጠ ደኅና ሰርቨር ይሰረዛል፤ በጣም ከፍ ካለ ደግሞ ዝርዝሩ በሙታን ይሞላል። ቋሚ የተባሉት ግን ፕሮግራሙ በራሱ አይሰርዛቸውም፤ በእነርሱ ላይ ያለው ፍርድ የሰው ነው።

ረ. የተበከለው ዝርዝር

በእነዚህ ዓመታት ትልቁ የመረቡ ሰርቨር ራዞርባክ 2 ነበር። ከአንድ ሚሊዮን በላይ ተጠቃሚዎች በአንድ ጊዜ ያስተናግድ ነበር። ፌብሩዋሪ 21 ቀን 2006 ግን የቤልጅግና የስዊዘርላንድ ባለ ሥልጣኖች ባደረጉት የጋራ እርምጃ በቤልጅግ የነበሩት ማሽኖች ሲያዙ፣ አስተዳዳሪው በስዊዘርላንድ ታሰረ። በዚያው ዓመት በሴፕቴምበር የኢዶንኪ ባለቤት ኩባንያ ለሙዚቃ አሳታሚዎች 30 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈልና ሥራውን ለማቆም ተስማማ። በሴፕቴምበር 2007 ደግሞ በጀርመን አገር የነበሩ ሌሎች ትልልቅ ሰርቨሮች በፍርድ ቤት ትእዛዝ ምክንያት ከመረቡ ወጡ።

በዚህ ሁኔታ የዝርዝሩ ችግር መልኩን ለወጠ። ቀድሞ ችግሩ የሞቱ ሰርቨሮች ነበሩ፤ አሁን ግን ሕያው የሆኑ ሐሰተኞች መጡ። የታወቀ ሰርቨር ስም የወሰዱ፣ ያልነበራቸውን የተጠቃሚ ብዛት የሚያውጁ፣ ለፍለጋ ሁሉ የሐሰት መልስ የሚሰጡ ሰርቨሮች በዝርዝሩ ተበራከቱ። ለዚህ በር የከፈተው የዝርዝሩ አሠራር ራሱ ነው። በፋይሉ የተጻፈው የተጠቃሚዎች ብዛት ሰርቨሩ ስለ ራሱ የተናገረው ቃል እንጂ ሌላ ምስክር የመረመረው አልነበረም። ተጠቃሚው ግን ዝርዝሩን በብዛት ቅደም ተከተል አሰልፎ ከላይ ያለውን ይመርጣል። በዚህም ምክንያት በጣም የዋሸው በጣም ይታመን ነበር።

ከዚህም የባሰው ብክለቱ ራሱን የሚያራባ መሆኑ ነው። ከሐሰተኛው ሰርቨር ጋር አንድ ጊዜ የተገናኘ ፕሮግራም ከእርሱ የሌሎች ሐሰተኞችን ዝርዝር ይቀበላል፤ ያንንም ለሌሎች ተጠቃሚዎች ያቀብላል። ስለዚህ ልምድ ያላቸው ተጠቃሚዎች የሰጡት ምክር መጀመሪያ ሲሰማ እንግዳ የሚመስል ነው፤ ከሰርቨሮችና ከተጠቃሚዎች ዝርዝር መቀበልን አቁሙ፤ አሮጌውን ዝርዝር ሰርዙ፤ ከአንድ ከታመነ ቦታ አጭር ዝርዝር ውሰዱ የሚል ነበር። በመቶዎች ከሚቆጠሩ ያልተረጋገጡ ስሞች ይልቅ የተረጋገጡ ጥቂት ስሞች መሻላቸው የታወቀው በዚህ ጊዜ ነው። የዝርዝር ጥራት በርዝመቱ አይለካም።

ሰ. ካዴምሊያ፤ ለነባር ወዳጅ ቅድሚያ መስጠት

ሰርቨር ሳያስፈልግ ሁሉም የመዝገቡን አንዳንድ ቁራጭ እንዲይዝ የሚያደርግ ዘዴ በ2002 በፔታር ማይሙንኮቭና በዴቪድ ማዚዬር ቀርቦ ነበር፤ ስሙም ካዴምሊያ ይባላል። በዚህ ሥርዓት እያንዳንዱ ተሳታፊና እያንዳንዱ ፋይል አንድ ረጅም ቁጥር ይሰጠዋል። የአንድን ፋይል መረጃ የሚይዙት ቁጥራቸው ከፋይሉ ቁጥር ጋር የሚቀራረብ ተሳታፊዎች ናቸው። ፈላጊው ከሚያውቃቸው መካከል ወደ ቁጥሩ የሚቀርበውን ይጠይቃል፤ ያም ከእርሱ የቀረበ ሌላ ይጠቁማል፤ በየእርምጃው ርቀቱ እየጠበበ ሚሊዮን ተሳታፊ ባለበት መረብ እንኳ በጥቂት ጥያቄዎች ወደሚፈለገው ይደረሳል። ኢሙል ይህን ዘዴ «ካድ» በሚል ስም ከ2004 ጀምሮ ከሰርቨሮቹ ጎን ለጎን ለብዙኃኑ ተጠቃሚ አቀረበ። ትልልቆቹ ሰርቨሮች ሲወድቁ መረቡ ሳይፈርስ የቆየው በዚህ ነው።

ለዚህ ጽሑፍ ዋና ጉዳይ የሆነው ግን የእድሳቱ ደንብ ነው። እያንዳንዱ ተሳታፊ የሚያውቃቸውን አድራሻዎች በየርቀታቸው መድቦ፣ በእያንዳንዱ ምድብ የተወሰነ ቁጥር ብቻ ይይዛል። ምድቡ ሞልቶ ሳለ አዲስ አድራሻ ሲመጣ ተሳታፊው ከሁሉ ረዘም ላለ ጊዜ ድምፁን ያልሰማውን ነባር ይፈትነዋል። ነባሩ ከመለሰ ቦታው ይጸናለታል፤ አዲሱ ይቀራል። ካልመለሰ ይሰረዝና አዲሱ ይተካል። የዘዴው ደራሲዎች ይህን የመረጡት በኑቴላ መረብ ላይ በተደረገ ጥናት ተመርኩዘው ነበር። ጥናቱ እንዳሳየው ለረጅም ሰዓት በመረቡ የቆየ ኮምፒውተር ለተጨማሪ አንድ ሰዓት የመቆየት ዕድሉ አዲስ ከገባው ይበልጣል። በዚህ ደንብ መሠረት እድሳት ማለት ነባሩን በአዲስ መለወጥ ሳይሆን፣ ነባሩ በቦታው እንዳለ ደጋግሞ ማረጋገጥ ነው። ደንቡ ሌላም ጥቅም ነበረው። ሐሰተኛ በአንድ ጊዜ ብዙ አዲስ አድራሻ ይዞ ቢመጣ ነባሮቹን በቀላሉ አያፈናቅልም።

ይሁንና ካድም መግቢያ ያስፈልገዋል። ተጠቃሚው «ኖድስ ነጥብ ዳት» የሚባል የጥቂት ተሳታፊዎች አድራሻ ያለበት ፋይል ካልያዘ፣ ወይም በሰርቨር በኩል ያገኘው ሌላ ተጠቃሚ ካላስገባው በስተቀር መረቡን ሊያገኝ አይችልም። ቢትቶረንት በተባለው የብራም ኮኸን ሥርዓት የታየውም ተመሳሳይ ነው። ሥርዓቱ በ2001 ሲጀመር አስተባባሪ ሰርቨሮች ያስፈልጉት ነበር፤ በ2005 ከካዴምሊያ የተወሰደ ዘዴ ተጨመረለት፤ በኖቬምበር 2009 ከትልልቆቹ አስተባባሪዎች አንዱ የነበረው ፓይሬት ቤይ ከእንግዲህ አስተባባሪ ሰርቨር አያስፈልግም ብሎ የራሱን ዘጋ። ይሁን እንጂ የቢትቶረንት ፕሮግራሞችም የመጀመሪያውን ጎረቤት የሚጠይቁበት የታወቀ አድራሻ በውስጣቸው ተጽፎ ይገኛል። ዝርዝሩ እጅግ አጠረ እንጂ አልጠፋም።

ሸ. ለትምህርት ሥራ የሚሰጠው ጥቅም

ይህ ታሪክ ለዕቅድ አውጪዎች የሚያስተላልፋቸው አምስት ነጥቦች አሉ።

1. ለመዝገብ ዝግጅት በጀት ሲያዝ የእድሳቱ ሥራ፣ ሠራተኛውና የጊዜ ሠሌዳው በአንድነት መታቀድ አለባቸው። የስታንፎርዱ ማዕከል ዝርዝር የቆየው በስም የሚታወቅ ኃላፊ ስለነበረው ነው።

2. መዝገቡን ለውጡን በቅርብ የሚያውቀው አካል ያድሰው። የአንድን ትምህርት ቤት የመምህራንና የክፍሎች ብዛት ከማንም በፊት የሚያውቀው ትምህርት ቤቱ ነው፤ ላይኛው ቢሮ የሚያስፈልገው ማን ምን እንደሚጠብቅ ማወቅ ነው።

3. እያንዳንዱ መረጃ መቼ እንደተረጋገጠና እስከ መቼ እንደሚታመን አብሮ ይጻፍ። ቀን የሌለው ዝርዝር አዲስ ይሁን አሮጌ ሊታወቅ አይችልም።

4. ስለ ራሱ የሚናገር አካል የሰጠው ቁጥር በሌላ ምስክር ሳይመረመር የቅድሚያ መለኪያ አይሁን። ድጋፍ በብዛት የሚከፋፈል ከሆነ ብዛትን የማጋነን ፈተና አብሮ ይመጣል።

5. ማስገባት ብቻ ሳይሆን ማውጣትም ደንብ ይኑረው፤ ደንቡም ለጊዜው የተቋረጠውን ከጠፋው የሚለይ ይሁን።

መምህራንም ጉዳዩን ያለ ኮምፒውተር በክፍል ውስጥ ሊያስተምሩት ይችላሉ። ለእያንዳንዱ ተማሪ የተለያየ ሥዕል ያለበት ካርድ ይሰጥ። በመጀመሪያው ዙር አንድ ተማሪ ማን ምን እንደያዘ የሚገልጸውን ዝርዝር ይያዝና ሌሎቹ እርሱን እየጠየቁ የሚፈልጉትን ሥዕል ያግኙ። ጥቂት ቆይቶ መምህሩ ዝርዝር ያዡን ከክፍል ያስወጣ። በሁለተኛው ዙር እያንዳንዱ ተማሪ የሚያውቀው የሦስት ጓደኞቹን ካርድ ብቻ ይሁንና ፍለጋው በእነርሱ በኩል ይካሄድ። በሦስተኛው ዙር ሁለት ተማሪዎች ሆን ብለው የተሳሳተ ጥቆማ እንዲሰጡ በምስጢር ይነገራቸው። ከዚያ በኋላ ተማሪዎቹ በየዙሩ ምን እንዳጋጠማቸው፣ ማንን ማመን እንዳቆሙና ለምን እንዳቆሙ ይወያዩ። ሒሳብ የሚያስተምር መምህር የጥያቄዎቹን ብዛት በየዙሩ አስቆጥሮ ማወዳደር ይችላል፤ የሥነ ዜጋ መምህር ደግሞ ውይይቱን ወደ መረጃ ምንጭና ወደ ባለቤትነት መብት ሊመራው ይችላል።

ማጠቃለያ

ከ1969 ወዲህ የመረብ ሠሪዎች ይህን ጥያቄ በየተራ ለአንድ ቢሮ፣ ለብዙ ኃላፊዎች፣ ለአንድ ኩባንያ፣ ለበጎ ፈቃደኞች፣ በመጨረሻም ለተሳታፊዎቹ ሁሉ ሰጥተውታል። አንዱ መዝገብ ፈጥኖ ይታደሳል፤ ፈጥኖም ይዘጋል። የተበተነው መዝገብ አይዘጋም፤ ሐሰተኛ ግን ይገባበታል። ነባሩን የሚያስቀድመው ከሐሰተኛ ይጠበቃል፤ አዲሱን ግን በር ላይ ያስጠብቀዋል። ከእነዚህ ሁሉ ውስጥ የመጀመሪያውን አድራሻ ከሌላ ሰው መቀበልን ያስቀረ አንድም የለም። አዲስ ገቢ ሁልጊዜ በሌላ ሰው ቃል አምኖ ይገባል፤ ያ ቃል እውነተኛና የዛሬ ሆኖ እንዲቆይ ማድረግ የመዝገብ ጠባቂው ሥራ ነው። ይህ ሥራ በሚገባ በተሠራ ጊዜ ማንም አያየውም፤ በተጓደለ ጊዜ ደግሞ በመጀመሪያ የሚጎዳው መንገዱን ገና የማያውቀው አዲሱ ሰው ነው።